ሙናፊቅና መናፍቅ፦ የዓለም ሃይማኖቶችን ታሪክ ቃላት መረዳት የተማርኩበት መንገድ

በኮምቦልቻ በአንድ መጋዘን የንብረት መዝገብ ያዥ ሆኜ እየሠራሁ፣ ቅዳሜና እሑድ ወደ ደሴ እየወጣሁ ታሪክ በተማርኩባቸው ዓመታት ከሁሉም የከበደኝ የዓለም ሃይማኖቶች ታሪክ የተባለው ትምህርት ነበር። ያስቸገረኝም ታሪኩ ሳይሆን ቃላቱ ናቸው። የመጀመሪያውን የማስተማሪያ ጽሑፍ በተቀበልኩበት ቀን፣ በአንድ ገጽ ላይ ትርጉማቸውን የማላውቃቸውን ቃላት በእርሳስ ሳሰምርባቸው 27 ሆኑ። ይህን የምጽፈው ዛሬ በዚያው ትምህርት ላይ ያሉ፣ ወይም በራሳቸው ፍላጎት ስለ ሌሎች እምነቶች ማንበብ ጀምረው ቃላቱ የከበዷቸው ሰዎች፣ እኔ በሦስት ዓመት ያገኘሁትን በአጭር ጊዜ እንዲያገኙት ብዬ ነው።

በመጀመሪያ ያደረግሁት ማንኛውም ተማሪ የሚያደርገውን ነው። ደብተሬን መሐል ለመሐል በማስመሪያ ከፍዬ በግራ በኩል ባዕዱን ቃል፣ በቀኝ በኩል ደግሞ ለእርሱ አቻ የመሰለኝን አንድ የአማርኛ ቃል እየጻፍኩ ሸመደድኩ። «ካርማ» ብዬ «ዕድል»፣ «ኒርቫና» ብዬ «ገነት»፣ «ሙናፊቅ» ብዬ «መናፍቅ» ጻፍኩ። ከዚያ ስለ መዲና የመጀመሪያው የሙስሊሞች ማኅበረሰብ በጻፍኩት የቤት ሥራ ላይ «በከተማዋ ውስጥ መናፍቃን ነበሩ» የሚል ዓረፍተ ነገር አስገባሁ። ወረቀቱ ሲመለስ መምህራችን ቃሏን በቀይ አክብበው በኅዳጉ ላይ «እርግጠኛ ነሽ?» ብቻ ብለው ጽፈውባት ነበር። ስሕተት ነው አላሉም፤ ትክክሉንም አልነገሩኝም። ያቺ ጥያቄ ከዚያ በኋላ የተማርኩትን ሁሉ ያስጀመረች ስለሆነች እስከ ዛሬ አመሰግናቸዋለሁ።

ጥያቄዋን ይዤ በመጀመሪያ የሄድኩት በሠፈራችን ልጆችን ቁርአን የሚያስቀሩ ሽማግሌ ሼህ ዘንድ ነው። እናቴ ቡና ስታፈላ የማይቀሩ፣ እኔንም ከልጅነቴ ጀምሮ የሚያውቁኝ ሰው ናቸው። «ሼህ፣ ሙናፊቅ ማለት መናፍቅ ማለት አይደለም እንዴ?» ብዬ ስጠይቃቸው ሲኒያቸውን አስቀመጡና «አይደለም ልጄ። ሙናፊቅ በአፉ አምኛለሁ የሚል፣ በልቡ ግን ያላመነ ነው። ከውጭ ሲታይ ከእኛው አንዱ ነው፤ ሶፍ ውስጥ፣ በሰጋጆች ረድፍ ቆሞ ይሰግዳል፤ የልቡን የሚያውቀው አላህ ብቻ ነው» አሉኝ። ቀጥለውም የቁርአን 63ኛዋ ምዕራፍ በዚሁ ቃል እንደምትጠራ፣ የዐረብኛ ሊቃውንትም ቃሉን አንድ የበረሃ አይጥ ከሚቆፍረው ባለ ሁለት በር ጉድጓድ ጋር እንደሚያያይዙት ነገሩኝ፤ አይጧ በአንዱ ትገባለች፣ ስትያዝ በሌላው ትወጣለች። በሳምንቱ ደግሞ ደሴ ላይ አንድ መሪጌታን ስጠይቅ፣ መናፍቅ ማለት በግልጽ የተለየ ትምህርት ይዞ ከማኅበሩ የተከፈለ፣ የተጠራጠረ ማለት እንደሆነ፣ በግእዝ «ነፈቀ» ማለት ከፈለ፣ «ናፈቀ» ማለት ደግሞ ተጠራጠረ ማለት እንደሆነ አስረዱኝ። በአማርኛ ዛሬ «ናፈቀኝ» ስንል ፈጽሞ ሌላ ስሜት መናገራችን ነው።

እንግዲህ ሁለቱ ቃላት ወንድማማቾች ናቸው፤ እንዲያውም ብዙ የሴማዊ ቋንቋዎች አጥኚዎች የዐረብኛው ከግእዙ የተወሰደ ነው ይላሉ። ነገር ግን አንዱ የሚናገረው ልዩነቱን ስለሚሰውር ሰው ሲሆን ሌላው የሚናገረው ልዩነቱን ስለሚገልጥ ሰው ነው፤ ተቃራኒዎች ናቸው ቢባል ማጋነን አይሆንም። እኔ በቤት ሥራዬ አንዱን በሌላው ስተካ፣ የመዲናን ሰዎች በግልጽ የተለየ ትምህርት የሚሰብኩ ቡድን አድርጌያቸው ነበር። ታሪኩን የሳትኩት ክስተቱን ባለማወቅ ሳይሆን ቃሉን ያወቅሁ ስለመሰለኝ ነው። በዚህ ትምህርት ፈጽሞ የማናውቀው ቃል መዝገበ ቃላት ያስገልጠናል፤ የምናውቅ የሚመስለን ግን ሳንጠይቀው እናልፈዋለን፤ አሳሳቹም እርሱ ነው።

ከዚህ በኋላ ደብተሬን ከሁለት መክፈል ትቼ ለእያንዳንዱ ቃል አንድ ሙሉ ገጽ ሰጠሁት። በገጹ ላይ ሦስት ነገሮችን እጽፋለሁ፦ ቃሉ በተወለደበት ቋንቋ ሥሩ ምን እንደሆነ፣ ስሙን ማን ለማን እንደሰጠው፣ ባለቤቶቹ ማለትም አማኞቹ ራሳቸው ዛሬ ሲሉት ምን ማለታቸው እንደሆነ። ሦስቱ ብዙ ጊዜ አይስማሙም፤ የማይስማሙበት ቦታ ላይ ነው ታሪኩ ያለው።

ስለ ሥር ስናገር፣ አማርኛ ተናጋሪ የሆነ ሰው፣ ይልቁንም ወሎ ያደገ፣ ሳያውቀው ትልቅ ሀብት ይዞ ነው የሚነሣው። የአይሁድ፣ የክርስትናና የእስልምና ቃላት አብዛኞቹ ከዕብራይስጥ፣ ከአራማይክ፣ ከግእዝና ከዐረብኛ የመጡ ስለሆኑ፣ እነዚህም እርስ በርሳቸው ዘመዳሞች ስለሆኑ፣ ድምፁ እንዴት እንደሚለዋወጥ አንድ ጊዜ ከተለማመድን ብዙው ራሱ ይከፈታል። የእኛ «ጸ» በዐረብኛው ወፍራም «ሰ» ሆና ትገኛለች፦ ጾም ሶውም፣ ጸሎት ሶላት፣ ጽድቅና ሰደቃም ከአንድ ሥር የበቀሉ ናቸው። የእኛ «ገ» በዐረብኛ «ጀ» ትሆናለች፦ ግመል ጀመል፣ ስግደት ሱጁድ። ስለዚህ መስጊድ ማለት መስገጃ ማለት እንደሆነ ማንም ሳይነግረን ይገባናል። ቤተ እስራኤልም የጸሎት ቤታቸውን መስጊድ ይሉት እንደነበር፣ ከ2008 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በእስራኤል ብሔራዊ በዓል የሆነው በዓላቸውም «ስግድ» እንደሚባል ሳነብ አልተደናገርኩም፤ ከእስልምና ተወሰደ ብዬም አልቸኮልኩም። ሥሩ የሁሉም ነው። «ሃይማኖት»፣ «አሜን»፣ «ምእመን»፣ በዐረብኛው በኩል ደግሞ «ኢማን» እና «ሙእሚን» ሁሉም ከአንድ ቤት የወጡ ናቸው፤ «ሃይማኖት» የምትለዋ ቃል ወደ ግእዝ የገባችው በአራማይክ በኩል ነው።

አንድ ቀን ማምሻውን መብራት ጠፍቶ ሳለ ከሼሁ ቤት የሆነውን አልረሳውም። ሰባ ዓመት ያህል የኖረው የጭቃ ቤታቸው ግድግዳ ውስጥ በልክ የተቦረቦረች አንዲት ጎድጓዳ ቦታ አለች፤ ኩራዙን እዚያ ላይ አስቀመጡት። ብርሃኑ ግድግዳው ውስጥ ተሰብስቦ ወደ ክፍሉ ሲፈስ እያየሁ ሳለ፣ በቁርአን 24ኛ ምዕራፍ 35ኛ አንቀጽ የአላህ ብርሃን «ሚሽካት» ውስጥ እንዳለ መብራት ተደርጎ መመሰሉን ነገሩኝና «ሚሽካት ይቺ ናት» ብለው በጣታቸው አሳዩኝ። ከዚያም ፈገግ ብለው «ይህ ቃል የሐበሻ ነው ያሉ ዑለማዎች አሉ፤ እናንተ መስኮት አይደል የምትሉት?» አሉኝ። በ1505 እ.ኤ.አ. ያረፉት ሊቅ አል-ሱዩጢ በቁርአን ውስጥ የሐበሻ ቋንቋ ናቸው የተባሉ ቃላትን እንደሰበሰቡ፣ ሚሽካትም ከእነርሱ አንዷ እንደሆነች በኋላ አነበብኩ። ሼሁ ግን ሌላውንም ወገን ሳይነግሩኝ አላለፉም፦ እንደ አል-ጦበሪ ያሉ ቀደምት ሊቃውንት፣ ቁርአን በዐረብኛ የወረደ ስለሆነ እነዚህ ቃላት ሁለቱ ቋንቋዎች የሚጋሯቸው እንጂ ከባዕድ የተወሰዱ አይደሉም ብለዋል። ቃል ከየት መጣ የሚለው ጥያቄ ለአማኝ የሰዋስው ጥያቄ ብቻ እንዳልሆነ ያን ማታ ገባኝ። ስለዚህ «ይህ ቃል ከእኛ የተወሰደ ነው» የሚለውን አነጋገር ከጽሑፌ አወጣሁ፤ «ሁለቱ ቋንቋዎች የሚጋሩት ቃል ነው፤ አጥኚዎች ከዚህ ወደዚያ ሄዷል ይላሉ፤ ባለቤቶቹ ደግሞ እንዲህ ይላሉ» ብሎ መጻፍ እውነትንም ጎረቤትንም ይጠብቃል። ሐዋርያ የሚለው ቃል፣ ግእዙ «ሖረ» ማለትም ሄደ ከሚለው የወጣ ሲሆን በቁርአንም የዒሳ፣ ማለትም የኢየሱስ፣ ደቀ መዛሙርት «ሐዋሪዩን» ተብለው ይጠራሉ፤ ማእድ የሚለውም ቃል የቁርአን አምስተኛ ምዕራፍ በተሰየመችበት በ«ማኢዳ» ውስጥ ይሰማል። ስለ እነዚህም የምጽፈው በዚሁ ጥንቃቄ ነው።

«ወንጌል» የሚለው ቃል ሲያስቸግረኝም መልሱ የመጣው ከዚያው ቤት ነው። ከግሪክ መምጣቱን፣ ትርጉሙም መልካም ዜና መሆኑን ጽሑፉ ይነግረኛል፤ ነገር ግን «መልካም ዜና» በጆሮዬ የሬዲዮ ዜና ይመስለኝ ነበርና ክብደቱ አይሰማኝም። ፈተና ደርሶ ፊቴ ጠቁሮ ያዩኝ ሼሁ እንደ ወሎ ሰው ሁሉ «አብሽሪ!» አሉኝ። ይህን ቃል ስንት ሺህ ጊዜ ሰምቼዋለሁ፤ ደስ ይበልሽ፣ አይዞሽ ማለት ነው። በዚያች ቅጽበት ግን ሥሩን ሰማሁት፦ በሸረ፣ ቢሻራ፣ ብሥራት፣ አበሠረ! ገብርኤል ድንግል ማርያምን «አበሠራት» የምንልበት ቃል ወሎ ውስጥ በየመንገዱ ላዘነ ሰው የሚሰጥ ነው። ወንጌል ለመጀመሪያዎቹ ሰሚዎቹ ዜና ብቻ አልነበረም፤ ለተጨነቀ ሰው የሚነገር «አብሽሩ» ነበር ብዬ በገጹ ላይ ጻፍኩ፤ ከዚያ ወዲህ ስለ ቃሉ የሚያስረዳ ሌላ ነገር አላስፈለገኝም።

ሥር ግን ሊያታልልም ይችላል። ታቦት የምንለው ቃል በዐረብኛ «ታቡት» ነው፤ በቁርአንም የእስራኤል ልጆች ታቦት በዚሁ ስም ተጠርቷል፤ ዛሬ ግን በዐረብኛ ታቡት ሲባል የሬሳ ሳጥንም ማለት ነው። ሥሩ ወደ ሳጥን ይመልሰናል፤ በቤተ ክርስቲያናችን ግን ታቦት የሚባለው ካህናቱ በአክብሮት የሚሸከሙት ጽላት ነው። ሳጥን ነው ብሎ የጻፈ ሰው ቃሉን ፈትቶ ሕዝቡን አልተረዳም። ድምፁ ተመሳስሎ ምንም ዝምድና የሌለውም አለ። «ቡድሃ» የሚለውን ስም ለመጀመሪያ ጊዜ የሰማ የእኛ ሰው «ቡዳ» የሚለው ቃል ወደ አእምሮው መምጣቱ አይቀርም፤ በክፍላችንም ሲነገር ሰምቻለሁ። ቡድሃ ከሳንስክሪት «ነቃ» ከሚል ሥር የወጣ ሲሆን «የነቃው» ማለት ነው፤ ከቡዳ ጋር የሚያገናኘው አንዳች ነገር የለም። እንዲሁም «ሲክ» እና «ሼክ» አይገናኙም፦ ሲክ ማለት ደቀ መዝሙር ማለት ነው፣ ከ1469 እስከ 1539 እ.ኤ.አ. በኖሩት በጉሩ ናናክ በፑንጃብ ለተጀመረው እምነት ተከታይ የተሰጠ ስም፤ ሼክ ደግሞ በዐረብኛ አረጋዊ፣ ሽማግሌ ማለት ነው።

የህንድን ቃላት በተመለከተ ዘመድ ሥር ስለሌለን ሌላ ዘዴ ያስፈልጋል። ከሁሉ አስቀድሞ ሦስቱን መለየት ግድ ነው፦ ብራህማን ከሁሉ በላይ የሆነው፣ የሁሉም መሠረት የተባለው እውነት ነው፤ ብራህማ ፈጣሪ የተባለው አምላክ ስም ነው፤ ብራህሚን የካህናት ወገን የሆነ ሰው ነው። በፊደላችን ሲጻፉ በአንድ ፊደል ብቻ ስለሚለያዩ፣ በተለይም ማስታወሻ በፍጥነት ሲገለበጥ፣ ሰውየው አምላክ፣ አምላኩ ሰው ይሆናል። እኔ ሦስቱን በሦስት ቀለም ጽፌ ግድግዳ ላይ ለጠፍኳቸው። «ካርማ» ሥሩ «ሥራ፣ ድርጊት» ማለት ስለሆነ ከዕድል ይልቅ ለ«ምግባር» ይቀርባል፤ ዕድል ሳንሠራው የሚደርስብን ሲሆን ካርማ ግን የሠራነው የሚያፈራው ነው፤ ስለዚህ የመጀመሪያው ትርጉሜ ነገሩን ገልብጦት ነበር። «ኒርቫና» ደግሞ እንደ መብራት መጥፋት፣ እፍ ተብሎ መክሰም ማለት ነው። በቡድሂስቶች ትምህርት የሚጠፋው የምኞት፣ የጥላቻና የድንቁርና እሳት ነው። ይህን ሳነብ የሼሁን ኩራዝ ጎንበስ ብለው እፍ ሲሉት ትዝ አለኝና፣ «ገነት» ብዬ የጻፍኩትን ሰርዤ «የኩራዙ መጥፋት» ብዬ ጻፍኩ። አቻ ቃል አይደለም፤ ነገር ግን ሰዎቹ ወዳሰቡት አቅጣጫ ያሳያል።

የግሪክ ቃላትን በተመለከተ አንዲት ቀላል ምልክት ልንገራችሁ። «ጰ» ያለባትን ቃል ስታገኙ ግሪክን ጠርጥሩ። ይህች ፊደል በግእዝ የምትገኘው ከሞላ ጎደል ከውጭ በመጡ ቃላት ውስጥ ነውና፦ ጳጳስ፣ ጴጥሮስ፣ ጳውሎስ፣ ኤጲስ ቆጶስ፣ ጰራቅሊጦስ፣ ጰንጠቆስጤ። ጳጳስ አባት ማለት ነው፤ ኤጲስ ቆጶስ ከላይ ሆኖ የሚጠብቅ፤ «ጰ» ባይኖርበትም ከዚያው ቋንቋ የመጣው ዲያቆን ደግሞ አገልጋይ ማለት ነው። ጰንጠቆስጤ «ኀምሳኛ» ማለት ሲሆን ከትንሣኤ ጀምሮ የሚቆጠረው ቀን ነው፤ በአገራችን «ጴንጤ» የሚባለውም አጠራር ከዚሁ የወጣ ነው።

ከባዕድ ቃል ይልቅ ያደከመኝ ግን የራሳችን ቃል ነው። በዕለት ንግግራችን አካል ስንል ሥጋና አጥንት ያለው ገላ ማለታችን ነው፤ ባሕርይ ስንልም የሰው ጠባይ ማለታችን ነው። በነገረ መለኮት ግን «ሦስት አካል» ሲባል ሦስት ገላ ማለት አይደለም፤ «አንድ ባሕርይ» ሲባልም አንድ ጠባይ ማለት አይደለም። በ451 እ.ኤ.አ. በኬልቄዶን ጉባኤ ስለ ክርስቶስ ባሕርይ የተነሣውን ክርክር ከክፍላችን አንድ ሙስሊም ተማሪ በዕለቱ አማርኛ አንብቦ ግራ ሲገባው፣ አብሬው ተቀምጬ ሳስረዳው እኔም ክርስቲያን ሆኜ ያደግሁበትን ቃል እንደማላውቀው ተረዳሁ። ምሥጢርም እንዲሁ ነው፦ ምሥጢረ ጥምቀት ማለት የተደበቀ ነገር ማለት ሳይሆን በሚታይ ሥርዓት የማይታይ ጸጋ የሚሰጥበት ማለት ነው። በዚህ ረገድ የምመክረው፣ ጽሑፉ ላይ በጣም ቀላል የሚመስለውን ቃል ለይቶ ማውጣትና «ይህ ቃል እዚህ የገበያ ትርጉሙን ነው የያዘው ወይስ የጉባኤውን?» ብሎ መጠየቅ ነው።

ለዚህ ደግሞ ደሴ ላለ ሰው ሩቅ መሄድ አያስፈልገውም፤ ቦሩ ሜዳ ቅርብ ነው። ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ በ1870 ዓ.ም. የሃይማኖት ጉባኤ ያስደረጉት እዚያ ነው። ክርክሩ የነበረው ልደት፣ ጸጋ፣ ቅባት በሚሉ ቃላት ላይ ነው፤ አንዳቸውም ከባድ አይመስሉም። ሁለት ልደት የሚሉት፣ ክርስቶስ ከዘመን በፊት ያለ እናት ከአብ፣ በኋለኛው ዘመን ያለ አባት ከድንግል ማርያም ተወልዷል ሲሉ፣ ሦስት ልደት የሚሉት በመንፈስ ቅዱስ የሆነ ሌላ ልደት ይጨምሩ ነበር። ጉባኤው ለሁለት ልደት ፈረደ። ሁለት ልደት የሚሉትን ተከራካሪዎቻቸው «ካራ» ይሏቸው ነበር፤ ሦስተኛውን ልደት ቆርጠው ጣሉ ለማለት ነው። እነርሱ ራሳቸውን የሚጠሩት ግን በተዋሕዶ ነው። ከዚያ ጉባኤ ጋር ተያይዞ የወሎ ሙስሊሞች እንዲጠመቁ መታዘዛቸው በብዙ ቤተሰብ ዘንድ ዛሬም ስለሚነገር፣ ስለ ቦሩ ሜዳ ቃላት በአካባቢያችን ስጠይቅ ማን ፊት እንደምናገር አስቤ፣ ድምፄን ዝቅ አድርጌ ነው የምጠይቀው።

«ካራ» የሚለው ስም ሁለተኛውን ጥያቄዬን፣ ስሙን ማን ሰጠው የሚለውን፣ ያስተማረኝ ነው። በታሪክ መጻሕፍት ውስጥ ያሉ ብዙ ስሞች ባለቤቶቹ ያወጧቸው አይደሉም። ክርስቲያን የሚለው ስም ራሱ ለደቀ መዛሙርቱ የወጣላቸው በአንጾኪያ እንደሆነ የሐዋርያት ሥራ ይናገራል። ፕሮቴስታንት የሚለው በ1529 እ.ኤ.አ. በጀርመን ሽፓየር በተደረገ ጉባኤ ተቃውሞ ያቀረቡ መሳፍንትና ከተሞች ስም ነው። ሂንዱ የሚለው ሲንዱ ከተባለው ወንዝ ስም ፋርሶች «ሰ»ን «ሀ» አድርገው የጠሩት የአገር ስም እንጂ የእምነት ስም አልነበረም። ቤተ እስራኤልን ሌሎች «ፈላሻ» ሲሏቸው ኖረዋል፤ እነርሱ ግን ስሙን አይወዱትም። የእኛን ቤተ ክርስቲያን የውጭ ጸሐፍት «አንድ ባሕርይ ብቻ የሚሉ» በሚል ስም ሲጠሯት፣ ተዋሕዶ የሚለው ቃል ግን መለኮትና ትስብእት (ሰው መሆን) ያለ መለየት፣ ያለ መቀላቀል አንድ መሆናቸውን ይናገራል። መናፍቅ፣ ካፊር፣ አረማዊ የሚሉት ቃላትም አንዱ ለሌላው የሚሰጣቸው እንጂ ማንም ራሱን የማይጠራባቸው ናቸው። በደብተሬ ላይ እንዲህ ያሉትን ስሞች ሁሉ በትእምርተ ጥቅስ ውስጥ አስገባቸዋለሁ፤ በራሴ ድምፅ ስጽፍ ሰዎቹ ራሳቸውን በሚጠሩበት ስም እጠራቸዋለሁ።

ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ በሐረጎ ቁልቁለት ሚኒባሱ ሲጠማዘዝ ቃላትን በቃሌ መከለስ ልማዴ ነበር። አንድ እሑድ ማምሻውን፣ ጉሙ ከመንገዱ ላይ እየተነሣ ሳለ፣ ለየብቻ ያጠናኋቸው ቃላት አንድ ላይ ተሰልፈው መጡልኝ። ሸሪዓ ወደ ውኃ የሚያደርስ መንገድ ከሚል የመጣ ነው፤ ሱና የተረገጠ፣ የተለመደ ጎዳና ነው፤ የሱፊዎቹ ጦሪቃ፣ እዚህ ወሎ ቃዲሪያና ቲጃኒያ ስንል የምንሰማው፣ መንገድ ማለት ነው። የአይሁድ ሕግ «ሐላኻ» ይባላል፣ ከመሄድ። የቻይናው «ዳኦ» መንገድ ነው፤ የጃፓኑ «ሺንቶ» የአማልክት መንገድ ነው፣ «ቶ» የሚለው ክፍሉም ያው «ዳኦ» ነው። ቡድሃ ያስተማረው ባለ ስምንት ክፍል መንገድ ነው። ሲኖዶስ ራሱ በግሪክ «አብሮ» እና «መንገድ» ከሚሉ ቃላት የተገጠመ ነው። በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 9 ላይም ሳውል ሊያስራቸው የፈለጋቸው ሰዎች «በዚህ መንገድ ያሉት» ተብለው ተጠርተዋል። እያንዳንዱ ወደ ተለያየ ቦታ የሚያደርስ መንገድ ነው፤ አንድ ናቸው ማለቴ አይደለም። ነገር ግን ቃላትን እንደ ፊደል ተራ ከመሸምደድ ይልቅ እንዲህ በምስል መሰብሰብ ከአእምሮ እንዳይወጡ ያደርጋል፤ እኔ እነዚህን ቃላት ከዚያ ቀን ወዲህ አንዴም አልረሳኋቸውም።

ስለ ዓመታት ባጭሩ ልናገር፣ ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይሰናከላልና። የቦሩ ሜዳ ጉባኤ በአንዱ ማስታወሻዬ 1870፣ በሌላው 1878 ተብሎ ተጽፎ ስላገኘሁት ሁለት ጉባኤዎች መስለውኝ ነበር። አንዱ ዓ.ም.፣ ሌላው እ.ኤ.አ. ነው። የሒጅራውን ዓመት ደግሞ 622 በመደመር ብቻ ወደ እ.ኤ.አ. መለወጥ አይቻልም፤ ዓመቱ በጨረቃ የሚቆጠርና 354 ወይም 355 ቀን ያለው ስለሆነ ልዩነቱ በየጊዜው ይጠባል። ከልደት በፊት ያለው ዘመን ወደ ኋላ ስለሚቆጠር የቻይናው ሊቅ ኮንፊሺየስ በ551 ተወልዶ በ479 ሲሞት ስሕተት አይደለም። ከእያንዳንዱ ዓመት አጠገብ የዘመን አቆጣጠሩን ወዲያው ጻፉ፤ ነገ እጽፈዋለሁ አትበሉ።

ስለ አጻጻፍም እንዲሁ፦ ሀ፣ ሐ፣ ኀ፣ ሰ፣ ሠ፣ አ፣ ዐ፣ ጸ፣ ፀ በአማርኛ ድምፃቸው ስለተመሳሰለ እንደ ፈለግን እንጽፋቸዋለን፤ ሥር ለሚፈልግ ሰው ግን ፊደሉ ምስክር ነው። «ሰአለ» ለመነ ማለት ነው፣ «ሰአሊ ለነ» እንደምንለው፤ «ሠዐለ» ግን ሥዕል ሣለ ማለት ነው። በአለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ የግእዝ መዝገበ ቃላት ውስጥ ቃል የሚፈለገው በሥሩ ስለሆነ፣ ቅደም ተከተሉም በአበገደ እንጂ በሀለሐመ ስላልሆነ፣ ፊደሉን የሳተ ሰው ገጹን አያገኘውም። እኔ የመጀመሪያውን ወር ያጠፋሁት ይህን ባለማወቅ ነው።

ትምህርቱን ከጨረስኩ በኋላ ደብተሩን ለሼሁ ሳሳያቸው መነጽራቸውን አድርገው ገጽ በገጽ አዩት። ስለ እስልምና የጻፍኩትን ሁለት ቦታ አረሙልኝ፤ ከዚያ «ጰራቅሊጦስ» የሚለው ገጽ ላይ ቆሙና «ይህስ ምንድን ነው?» አሉኝ። ለረዳትነት፣ ለጠበቃነት ከአጠገብ የተጠራ ማለት እንደሆነ፣ በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ «አጽናኝ» ተብሎ እንደተተረጎመ፣ ክርስቲያኖችም መንፈስ ቅዱስ ነው እንደሚሉ ነገርኳቸው። ከኪሳቸው ብዕር አውጥተው፣ አማርኛን በዐረብኛ ፊደል በሚጽፉበት በትንሿ ደብተራቸው ላይ ሊያሰፍሩት ጀመሩ፤ በመጀመሪያው ፊደል ላይ ግን ብዕራቸው ቆመ። «ጰ» በዐረብኛ የለችም። ጥቂት አሰቡና የ«በ»ን ፊደል ጽፈው ከሥሯ አንዲት ትንሽ መስመር አሰመሩ፣ ከዚያ ቀና ብለው «በይ እንደገና በዪልኝ፣ ቀስ አድርገሽ» አሉኝ።